ካሜራ ያልደረሰበት ትዝታ

ከመቱ እስከ ጎሬ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። መንገዱ ግራና ቀኙ ዛፍ፣ ከዛፉ ጥላ ሥር ቡና ነው፤ ክረምት ሲገባ ደግሞ ጉሙ እስከ ረፋድ ከኮረብታው አይነሳም። በዚህ መንገድ ጫፍ ያለችው ጎሬ በ1928 ዓ.ም. ለጥቂት ወራት የኢትዮጵያ መንግሥት መቀመጫ ሆና ነበር። ንጉሠ ነገሥቱ ሚያዝያ 24 ቀን አዲስ አበባን ለቀው ሲወጡ፣ በሦስተኛው ቀን ደግሞ የጣሊያን ጦር ከተማዋን ሲይዝ፣ ቢትወደድ ወልደ ጻድቅ ጎሬ ላይ ጊዜያዊውን መንግሥት መሩ። ልዑል ራስ እምሩም ወደዚያው ዘለቁ። ኅዳር 1929 ላይ ጎሬ ራሷ በጠላት እጅ ወደቀች፤ በሚቀጥለው ወር ራስ እምሩ ጎጀብ ወንዝ አካባቢ ተማረኩ።

ይህን የታሪክ መጻሕፍት ጽፈውታል። ምስሉ ግን የለንም። መንግሥት ጓዙን ጭኖ ወደ ከተማዋ ሲገባ ደጃፏ ላይ ቆማ የተመለከተች የጎሬ ሴት ምን አየች? ጠላት መጣ ሲባል ልጆቿን ይዛ የትኛው ጫካ ገባች? ስንት ሌሊት አደረች? ያን ዘመን በልጅነቱ ያየ ሰው ዛሬ በሕይወት ቢገኝ መቶ ዓመት ሊሞላው ጥቂት ነው የሚቀረው። የቀረን ቢኖር ቡና ላይ ከአያት ወደ ልጅ ልጅ የወረደ ቁርጥራጭ ወሬ ነው፤ እሱም እየሳሳ ሄዷል።

መቱና ጎሬ የሚገኙባት ኢሉባቦር ከዚያ ወዲህ ሌላም ከባድ ትዝታ ተሸክማለች። የዚህኛው ባለቤቶች ግን ገና በመካከላችን አሉ። በ1977ቱ ድርቅ የደርግ መንግሥት 600 ሺህ የሚጠጋ ሕዝብ ከወሎ፣ ከትግራይና ከሰሜን ሸዋ አንስቶ በምዕራብና በደቡብ ምዕራብ የአገሪቱ ክፍል አሰፈረ። ያኔ ጋምቤላንም ይጨምር የነበረው የኢሉባቦር ክፍለ ሀገር ከዋነኞቹ ተቀባዮች አንዱ ነበር። ከፊሉ ሰፋሪ ለብቻው በተመሠረተ ሰፊ የሰፈራ ጣቢያ ተቀመጠ። ከፊሉ ደግሞ ስግሰጋ በሚባለው አሠራር በነባሩ ገበሬ ማኅበር መሐል ጎጆ ተቀለሰለት።

በዚያ ድርቅ የተራቡት የተሰበሰቡባትን የኮረምን ሰቆቃ ዓለም በቴሌቪዥን አይቶታል። ማይክል በርክና የካሜራ ባለሙያው ሞሐመድ አሚን ለቢቢሲ የሠሩት ዘገባ በጥቅምት 1977 ከተላለፈ በኋላ የኮረም ሜዳ ጎህ በዓለም ሕዝብ ዓይን ውስጥ ቀረ። ከኮረም በኋላ ያለውን መንገድ ግን ያየው ጥቂት ነው። በዕድሜው አውሮፕላን በሰማይ እንጂ በቅርብ አይቶ የማያውቅ የወሎ ገበሬ በአንቶኖቭ ሆድ ውስጥ ከመቶዎች ጋር ታጭቆ ሲበር፣ ሚስቱ በሌላ መኪና ወደ ሌላ አገር ስትወሰድ፣ ከጠፍ መሬት ተነስቶ ሰማይ ከማይታይበት ጫካ ሥር ሲወርድ አጠገቡ ቆሞ የቀረጸ ካሜራ እንዳለ አላውቅም። በሰፈራው የመጀመሪያ ወራት በየቦታው ብዙ ሰው በበሽታ ማለቁ ተመዝግቧል። አሉላ ፓንክረስት በወለጋ ቄቶ መንደር ከሰፋሪዎች ጋር ኖሮ በ1992 እ.አ.አ. ያሳተመው መጽሐፍ ቃላቸውን አቆይቶልናል። ቃሉ አለ፤ ምስሉ ነው የጎደለው።

እንዲህ ላለው ጉድለት የተፈጠረ የሚመስል አንድ የፊልም ዘርፍ አለ። አጭር ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ ከአምስት እስከ አሥራ አምስት ደቂቃ። በእጅ ይሳላል፣ ይቀባል ወይም በአሸዋ ይሠራል። ታሪክን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አቃንቶ የመተረክ ግዴታ የለበትም፤ ስለዚህም የሙከራ አኒሜሽን ይባላል። በዓለም ዙሪያ ይህን መንገድ የመረጡ ሠዓሊዎች ብዙዎቹ የሚሠሩት ስለ ጦርነት፣ ስለ ስደት፣ ስለ ግፍና ከግፍ በኋላ አእምሮ ውስጥ ስለሚቀረው ነገር ነው። በእኔ እምነት ለመቱ፣ ለጎሬ፣ ለያዮና ለበደሌ ሰው ከማንኛውም የሲኒማ ዓይነት ይልቅ የሚቀርበው ይህ ነው።

ካሜራ ባልነበረበት ቦታ ስዕል ምስክር መሆን የጀመረው ዛሬ አይደለም። በ1915 እ.አ.አ. ሉሲታኒያ የተባለችው መርከብ በጀርመን ሰርጓጅ ተመትታ ወደ 1,200 ሰው ይዛ ስትሰጥም ፊልም ያነሳ አልነበረም። አሜሪካዊው ሠዓሊ ዊንሰር ማኬይ ከሦስት ዓመት በኋላ ያን ደቂቃ በእጁ ስሎ በፊልም አወጣው። የዘጋቢ አኒሜሽን ታሪክ ሲጻፍ ከዚያ ፊልም ይጀመራል። ማኬይ የሠራው ግን ከውጭ የታየ አደጋ ነበር። አደጋው ሰው ውስጥ ገብቶ ምን እንደሚሆን ለማሳየት ሌሎች መምጣት ነበረባቸው።

ከእነሱ ሁሉ ለእኛ የሚቀርበው የደቡብ አፍሪካው ዊልያም ኬንትሪጅ ይመስለኛል። በ1955 እ.አ.አ. ጆሃንስበርግ ተወለደ። አባቱ ሲድኒ ኬንትሪጅ ለማንዴላና ለጓደኞቹ የተሟገቱ፣ በኋላም ስቲቭ ቢኮ እስር ላይ ሳለ ሲሞት ለቤተሰቡ የቆሙ ጠበቃ ናቸው። ኬንትሪጅ የሚናገረው የልጅነት ትዝታ አለው። የስድስት ዓመት ልጅ ሳለ አባቱ ጠረጴዛ ላይ ቢጫ ሳጥን አየ፤ ቸኮላታ መስሎት ከፈተው። ውስጡ የሻርፕቪል ሟቾች ፎቶግራፎች ነበሩ። ፖሊስ በመጋቢት 1960 እ.አ.አ. ሰላማዊ ሰልፈኞች ላይ ተኩሶ 69 ሰው የገደለበት ቀን ማስረጃዎች ናቸው። ልጁ ሳጥኑን ዘጋው፤ ምስሉ ግን ከውስጡ አልወጣም።

አሠራሩን ቀረብ ብሎ ማየት ያስፈልጋል፣ ምክንያቱም ሐሳቡ ሁሉ ያለው እጁ ላይ ነው። ኬንትሪጅ ትልቅ ወረቀት ግድግዳ ላይ ይለጥፋል። በከሰል ይስላል። ከዚያ ክፍሉን አቋርጦ ወደ ካሜራው ይሄድና አንድ ሁለት ፍሬም ያነሳል። ተመልሶ ከስዕሉ ጥቂቱን በላጲስ ይደመስሳል፣ እጁን ትንሽ ከፍ፣ ጭንቅላቱን ትንሽ ዘወር አድርጎ በዚያው ወረቀት ላይ እንደገና ይስለዋል። እንደገና ወደ ካሜራው። ቀኑን ሙሉ እንዲህ ሲመላለስ ይውልና ጥቂት ሰከንድ ፊልም ያገኛል። ተራ የካርቱን ፊልም በሺዎች የሚቆጠር ወረቀት ሲፈጅ እሱ አንዱን ፊልም በጥቂት ደርዘን ወረቀት ይጨርሳል። ዋናው ነገር ግን ይህ ነው፦ ከሰል ሙሉ በሙሉ አይጠፋም። የተደመሰሰው እጅ በነበረበት ቦታ ግራጫ ጥላ ይቀራል። ሰውየው ወረቀቱ ላይ ሲራመድ ያለፈባቸው ቦታዎች ሁሉ ከኋላው ይከተሉታል።

በዚህ መንገድ የሠራው «ፊሊክስ በስደት» የተባለው ፊልሙ ዘጠኝ ደቂቃ አይሞላም። የሳለው ከ1993 መጨረሻ እስከ 1994 እ.አ.አ. መጀመሪያ፣ ጥቁሮች ለመጀመሪያ ጊዜ ሊመርጡ ጥቂት ወራት ሲቀራቸው ነው። ፊሊክስ በባዕድ አገር ሆቴል ክፍል ውስጥ ብቻውን ተቀምጧል። ሻንጣው ሲከፈት የሚወጣው ልብስ ሳይሆን ስዕል ነው። ስዕሎቹን የሠራችው ናንዲ የምትባል ጥቁር ሴት ናት፤ የመሬት መለኪያ መሣሪያ ይዛ ከጆሃንስበርግ ምሥራቅ ያለውን የተጎሳቆለ ሜዳ ትቃኛለች። ሜዳው ላይ የተገደሉ ሰዎች ወድቀዋል። ዙሪያቸው በቀይ መስመር ይከበባል፣ ጋዜጣ መጥቶ ይሸፍናቸዋል፣ ከዚያ ቀስ በቀስ ወደ መሬት ይሰርጋሉ፤ ሬሳ የነበረው ጉብታ ይሆናል፣ ጉብታው ድንጋይ ይሆናል። ፊሊክስ ጢሙን ሊላጭ መስታወት ሲያይ ናንዲን በመስታወቱ ውስጥ ያገኛታል። በመጨረሻ እሷም በጥይት ትወድቃለች፣ እንደ ሌሎቹም መሬት ትውጣታለች።

ይህን ፊልም ያየ የኢሉባቦር ሰው ስለ ራሱ አገር ማሰቡ አይቀርም። አረንጓዴ መሬት ይሸፍናል። የያዮ የቡና ጫካ በ2010 እ.አ.አ. በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ቦታ ተብሎ ሲመዘገብ ደስ ብሎናል፤ ይገባዋልም። ጎሬ በአገራችን ከፍተኛ ዝናብ ከሚያገኙ ቦታዎች አንዷ ናት፣ የሶር ፏፏቴም ክረምት ከበጋ ይወርዳል። በእንዲህ ያለ አገር የተቆፈረ ጉድጓድ በሁለት ክረምት ሣር ይለብሳል። ለምልክት የቆመ እንጨት ይበሰብሳል። ማን የት እንደተቀበረ የሚያውቀው የቀበረው ሰው ብቻ ይሆናል፣ እሱም ያረጃል።

የአእምሮ ተመራማሪዎች የሚሉት ከከሰሉ ጋር መግጠሙ ይገርመኛል። የሚያስደነግጥ ነገር የደረሰበት ሰው ነገሩን እንደ ተራ ታሪክ ከላይ ወደ ታች አያስታውሰውም። የሞተር ድምፅ፣ የእርጥብ ብርድ ልብስ ሽታ፣ የአንድ ልጅ ጫማ ቁልጭ ብሎ ሲቀር በመካከል ያለው ቀን በሙሉ ሊጠፋ ይችላል። ትዝታው ደግሞ ሳጥን ውስጥ ተቆልፎ አይቀመጥም። ካሪም ናደርና ባልደረቦቹ በ2000 እ.አ.አ. በኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ በአይጦች ላይ ባደረጉት ጥናት፣ የፍርሃት ትዝታ በተቀሰቀሰ ቁጥር ለጥቂት ጊዜ እንደሚላላና እንደገና መጽናት እንደሚያስፈልገው አሳይተዋል። ባስታወስነው ቁጥር እንደገና እንስለዋለን ማለት ነው፤ የድሮው ጥላም ከሥሩ አለ። ተራ ዘጋቢ ፊልም ይህን ለማሳየት ይቸግረዋል። ሽማግሌውን ወንበር ላይ አስቀምጦ ፊታቸውን ሲቀርጽ የምናየው የዛሬውን ፊት ነው፤ እሳቸው የሚያዩትን አናይም።

ፊት የማሳየቱ ነገር ሌላም ችግር አለው። በ1998 እ.አ.አ. ኦርሊ ያዲንና ሲልቪ ብሪንጋስ «ዝምታ» የተባለ የ11 ደቂቃ አኒሜሽን ሠርተው ነበር። ታሪኩ የታና ሮስ ነው። ታና በልጅነቷ ናዚዎች ቴሬዚን በተባለው ካምፕ ካጎሯቸው አይሁዶች መካከል የነበረች፣ አያቷ ሸሽጋ ያተረፈቻት ልጅ ናት። ከጦርነቱ በኋላ ስዊድን ወዳሉ ዘመዶቿ ስትሄድ ያየሽውን አትናገሪ ተባለች፤ ብዙ ዓመትም ዝም አለች። ፊልሙን ሁለት ሠዓሊዎች ተካፈሉት። የካምፑን ክፍል ሩት ሊንግፎርድ በእንጨት ላይ የተቀረጸ በሚመስል ጥቁርና ነጭ ሠራችው፤ የስቶክሆልሙን ክፍል ቲም ዌብ በሞቀ ቀለም ሠራው። ድምፁ የታና የራሷ ነው። ፊቷን ግን አናይም። ያዲን በኋላ ስትጽፍ፣ አኒሜሽን ከዘጋቢ ፊልም ይልቅ ሐቀኛ ሊሆን ይችላል፣ ምክንያቱም እውነታውን በቀጥታ አሳያለሁ ብሎ አያስመስልም፣ የተጎዳውንም ሰው ለዓይን ሲሳይ አያደርግም ስትል ተከራክራለች። እኔም ከእሷ ጋር ነኝ።

በእኛ አገር ይህ ከጥበብ ጥያቄ ያለፈ ነው። ኢሉባቦርና አካባቢዋ ትናንት ብቻ አይደለም የቆሰሉት። በጥቅምት 2010 ዓ.ም. በቡኖ በደሌ ዞን በጮራና በደጋ ወረዳዎች በተነሳ ግጭት ሰው ሞቷል፣ ብዙ ቤተሰብ ከቤቱ ተፈናቅሏል። የዚያ ዓይነት ነገር ያየች እናት ዛሬም በዚያው ገበያ ትገበያያለች፣ ከዚያው ምንጭ ትቀዳለች። ፊቷን ስክሪን ላይ አውጥቶ ተናገሪ ማለት ሌላ አደጋ መጋበዝ ነው። ድምፅ ሊለወጥ ይችላል፣ ስም ሊቀር ይችላል፣ በፊቷ ፋንታ የሁለት እጅ እንቅስቃሴ ብቻ ሊሳል ይችላል። ቃሏ ግን ሙሉውን ይሰማል።

ወደ ራሳችን ሠዓሊዎች ስንመጣ ስሙ ቀድሞ የሚነሳው ዕዝራ ውቤ ነው። በ1980 እ.አ.አ. አዲስ አበባ ተወልዶ በ18 ዓመቱ ወደ አሜሪካ ሄደ፣ ቦስተን ላይ ሥዕል ተማረ፣ በኒው ዮርኩ ሀንተር ኮሌጅ ሁለተኛ ዲግሪውን ሠራ፣ ብሩክሊን ኖረ። አሠራሩ ከኬንትሪጅ ጋር ዘመድ ነው፤ መሣሪያው ግን ቀለምና ሸራ ነው። አንድ ሸራ ይወጥራል፣ ይቀባል፣ ፎቶ ያነሳል፣ በላዩ ላይ ቀጣዩን ይቀባል። በመቶዎች የሚቆጠሩ ስዕሎች በዚያ ሸራ ላይ እየተደራረቡ አንዱ ሌላውን ይቀብረዋል። ሥራው ሲያልቅ እጁ ላይ የሚቀረው ሸራ የመጨረሻዋን ስዕል ብቻ ያሳያል። ሌሎቹ ከሥሯ አሉ፤ የሚታዩት ፊልሙ ላይ ብቻ ነው።

በ2011 እ.አ.አ. የሠራው «ሒሳብ» አዲስ አበባ ሁሉ የሚያውቀውን ተረት ያነሳል። አህያ፣ ውሻና ፍየል ታክሲ ተሳፈሩ። አህያዋ ሒሳቧን በልክ ከፈለች፣ ውሻው መልስ ሳይሰጠው ቀረ፣ ፍየሏ ሳትከፍል ሮጠች። ስለዚህ ዛሬም መኪና ሲመጣ አህያ ንቅንቅ አትልም፣ ውሻ መልሱን ሊጠይቅ ያሳድዳል፣ ፍየል ትሸሻለች። ቀልዱ የቆየ ነው፤ ፊልሙን የተለየ የሚያደርገው ከተማዋ የምትታይበት መንገድ ነው። ቆርቆሮው፣ ሕዝቡ፣ ሚኒባሱ ቀለም ውስጥ እየቀለጡ አንዱ ወደ ሌላው ይፈሳሉ፣ ሰው ከአገሩ ርቆ ከተማውን በሐሳቡ ሲያይ እንደሚያያት። ዕዝራ ስለ ሥራው ሲናገር በዚህና በዚያ፣ በአሁንና በቀድሞ መካከል ስላለው ውጥረት ያነሳል። «ሒሳብ» የሰቆቃ ፊልም አይደለም፣ እንደዚያም ብዬ አልጠራውም። የለቀቁትን አገር በቀለም እየደራረቡ መፈለግ ግን ከ1977 ሰፋሪ ትዝታ ሩቅ አይደለም። ዕዝራ በ2015 እ.አ.አ. የአዲስ ቪዲዮ አርት ፌስቲቫልን መሥርቶ እንዲህ ያሉ ሥራዎች አዲስ አበባ ላይ እንዲታዩ መንገድ ከፍቷል።

ከእሱ ውጭ ያለው የአገራችን ሲኒማ የደርግን የጨለማ ዘመን የነካው በአብዛኛው በካሜራ ነው። ሳሌም መኩሪያ «የወንዝ ማዕበል» በተሰኘው ዘጋቢ ፊልሟ በቀይ ሽብር ዘመን ያጣቻቸውን ወንድሟንና ጓደኛዋን አስታውሳለች። ኃይሌ ገሪማ በ2008 እ.አ.አ. ባወጣው «ጤዛ» ከውጭ አገር ተመልሶ ትዝታው የሚሰነጣጠርበትን ምሁር አሳየን። አኒሜሽንን ግን ለልጆች ብቻ ትተነዋል። አሻንጉሊትና አኒሜሽን የሚቀላቅለው «ፀሐይ መማር ትወዳለች» የተባለው የልጆች የቴሌቪዥን ዝግጅት ብዙ ልጅ አስተምሯል፣ ሊመሰገን የሚገባ ሥራ ነው፤ ነገር ግን የሚንቀሳቀስ ስዕል ሁሉ የልጅ ነው የሚለው አመለካከት አብሮ ሥር ሰዷል። አባቶቻችን እንዲህ አያስቡም ነበር። የንግሥተ ሳባን ታሪክ በ44 ክፍል ስለው እንደ ፊልም ፍሬም በተርታ የደረደሩት ለአዋቂ ነው፣ በቤተ ክርስቲያን ግድግዳ የሰማዕታቱን መከራ በየተራ የሳሉትም ለአዋቂ ነው።

መቱ ላይ እንዲህ ያለ አኒሜሽን ለመሥራት ምን ይጠይቃል? እንደሚታሰበው ብዙ አይደለም። ከሰሉ ጀበናው ከሚጣድበት ምድጃ አጠገብ አለ። ወረቀት፣ ላጲስ፣ ከበርጩማ ጋር በገመድ የታሰረ ስልክ፣ ፍሬም በፍሬም የሚያነሳ ነፃ አፕሊኬሽን። የመስኮት ብርሃን አያስተማምንም፣ የመቱ ሰማይ በየደቂቃው ይለዋወጣልና ስዕሉ ይርገበገባል፤ መስኮቱን በብርድ ልብስ ጋርዶ በአንድ አምፖል መሥራት ይሻላል። መብራት ከጠፋ ደግሞ ሥራው ባለበት ይጠብቃል፤ ስዕሉ ግድግዳው ላይ ነው፣ የትም አይሄድም። በሰከንድ 12 ፍሬም ከተነሳ አንድ ደቂቃ 720 ፍሬም ነው። ሁለት ተማሪዎች ተጋግዘው በእረፍት ወራቸው ይጨርሱታል።

ከባዱ ድምፁ ነው። ከሰል ከመነካቱ በፊት ሰው መሰማት አለበት፣ መስማትም ሥርዓት አለው። ሰቆቃ ያየን ሰው «ሁሉንም ንገሩኝ» ብሎ መጫን ቁስል መቀስቀስ ነው። «እማማ፣ ያን ዕለት ምን ለብሰው ነበር? አውሮፕላኑ ውስጥ ማን አጠገብዎ ተቀመጠ?» ብሎ በትንሹ መጀመር፣ ሲያቆሙ ማቆም፣ ሲያለቅሱ ስልኩን ማጥፋት ይገባል። የተሳለውን ለሕዝብ ከማሳየት በፊት መጀመሪያ ለእሳቸው ማሳየት፣ «እንዲህ አልነበረም» ካሉ መደምሰስ። ሠዓሊው የራሱን ግምት የምስክሩ ትዝታ አስመስሎ ካቀረበ ሥራው ውሸት ይሆናል፣ ያማረ ውሸት ደግሞ ከደረቅ ዝምታ ይብሳል።

መስማቱም ከአንድ ወገን ብቻ መሆን የለበትም። በስግሰጋው ጊዜ ነባሩ የኢሉባቦር ኦሮሞ ገበሬም ሳይጠየቅ መሬቱን አካፍሏል፣ ጉልበቱን ሰጥቶ ለማያውቀው ሰው ቤት ሠርቷል፣ የተራበ እንግዳ ደጁ ሲቆም ቂጣውን ቆርሷል። ያ ሁሉ በአፋን ኦሮሞ የሚነገር ትዝታ ነው፣ በዚያው ቋንቋ ሊቀዳ ይገባል። የአንድ መንደር ሁለት ድምፆች፣ በአማርኛና በኦሮምኛ፣ ያንኑ ቀን ሲተርኩ በአንድ ወረቀት ላይ ቢሳሉ፣ ያ ፊልም ዓለም ላይ ካየኋቸው ሁሉ ጎን የሚቆም ይሆናል። የመቱ ዩኒቨርሲቲ መምህራንና ተማሪዎች፣ የዞኑ የባህልና ቱሪዝም ባለሙያዎች ይህን ሐሳብ አንስተው እንዲመክሩበት እጠይቃለሁ።

እስከዚያው ግን ማንም ፈቃድና በጀት ሳይጠብቅ የሚያደርገው አንድ ነገር አለ። በ1977 ሃያ ዓመት የነበረው ሰው ዛሬ ስድሳ አልፎታል፤ አርባ የነበረው ሰማንያን ተሻግሯል፣ ብዙዎቹም አልፈዋል። ስዕሉ ከአምስት ዓመት በኋላም ይደርሳል፤ ድምፁ ግን አይደርስም። አንባቢ ሆይ፣ አያትህ ወይም አያትሽ ከእነዚያ ሰፋሪዎች መካከል ከሆኑ፣ ወይም ያን ጊዜ በራቸውን ከከፈቱት መካከል ከሆኑ፣ በዚህ ሳምንት አጠገባቸው ተቀመጡ፤ ፈቃዳቸውን ጠይቁና ስልኩን ለመቅረጽ ክፈቱት።